«ይሁን» ያለው ሰው

እናቴ ሥራዬን ለጎረቤት ስታስረዳ «ወረቀት ታነባለች» ነበር የምትለው። እውነቷን ነው። ስድስት ዓመት አንድ የቴሌቪዥን ጣቢያ ውስጥ ተቀምጬ የድራማ ስክሪፕት አንብቤያለሁ። ሰው ክላሰሩን ይዞ ይመጣል። አነባለሁ። ለኮሚቴው አስተያየት እጽፋለሁ። ይሠራ፣ ወይም አይሠራ። ወር ሲደርስ ደመወዜ ይገባል። ይሠራ ያልኩት ድራማ ቢወደድም ባይወደድም ከኪሴ አምስት ሳንቲም አይወጣም።

ከዚያ ከወጣሁ ሦስት ዓመት ሊሞላኝ ነው። አሁን ፕሮዲውሰር ነኝ። እናቴም «ፊልም ታሠራለች» ማለት ጀምራለች።

ከወንበሩ በተነሳሁ ሰሞን፣ ልቤ ወዲያና ወዲህ ሲል፣ ያጽናናኝ አንድ ሰው አለ። አግኝቼው አላውቅም። አሁን በሕይወት የለም፤ እ.ኤ.አ. በ2022 በ84 ዓመቱ አርፏል። አለን ላድ ጁኒየር ይባላል፤ የፊልም ስቱዲዮ ኃላፊና ፕሮዲውሰር ነበር። ሆሊውድ ውስጥ «ላዲ» እያሉ ነበር የሚጠሩት። ስሙን ሰምታችሁ ላታውቁ ትችላላችሁ። እኔም አላውቀውም ነበር። ሥራውን ግን በልጅነቴ አይቼዋለሁ። (ከዚህ በኋላ የእሱን ሳወራ ዓመቱ በፈረንጅ ነው፤ የራሴን ሳወራ በእኛው።)

1989 ዓ.ም. መሆን አለበት። ሰፈራችን አብነት ነበር። ወንድሜ በሃምሳ ሳንቲም ቪዲዮ ቤት አስገባኝ። ከሴት እኔ ብቻ ነበርኩ። መስኮቱ በብርድ ልብስ ተሸፍኗል። አግዳሚው ላይ ትከሻ ለትከሻ ተጣብቀን ተቀመጥን። ፊልሙ «ብሬቭ ሃርት» ነው። ፊት ለፊታችን የተቀመጠ አንድ ጎረምሳ እንግሊዝኛውን ጮክ ብሎ ይተረጉማል። ግማሹን ከራሱ ይጨምር እንደነበር የገባኝ ካደግሁ በኋላ ነው። መጨረሻ ላይ የፊልሙ ጀግና ዋላስ ሲጮህ ያ ሁሉ ጎረምሳ ጸጥ አለ። ወንድሜ እጄን ጥብቅ አድርጎ ይዞ ነበር። ከዚያ ስም መውረድ ሲጀምር ባለቤቱ ካሴቱን አወጣና «ውጡ! ቀጣዮቹ ይግቡ!» አለ።

የሚወርደውን ስም አንብበን አናውቅም። ማንም አያነብም ነበር። ከዚያ ስም ውስጥ አንዱ የላዲ ነበር።

አባቱ አለን ላድ ትልቅ ተዋናይ ነው። «ሼን» የተባለውን የካውቦይ ፊልም ያየ ሰው አይረሳውም። ላዲ በ1937 ሎስ አንጀለስ ውስጥ የተወለደው ከአባቱ የመጀመሪያ ትዳር ነው። ወላጆቹ ተለያዩ፤ አባቱም ኤጀንቱ፣ ማለትም ሥራ የምታፈላልግለት የነበረችውን ሱ ካሮልን አገባ። የዚያን ጊዜ የፊልም መጽሔቶች ስለ ኮከቡ ቤተሰብ ሲያወሩ የበኩር ልጁን ብዙም አያነሱትም ነበር። የኮከብ ልጅ ሆኖ ከፎቶው ውጪ አደገ ማለት ነው። ስለ ላዲ የሚያወሩ ሰዎች ሁሉ መጀመሪያ የሚናገሩት ዝምታውን ነው። ድምፁን ከፍ አያደርግም። ብዙ አያወራም። ልጁ አማንዳ አባቷ የሥራ ሰው ሆኖባት ስለነበር፣ በደንብ ልታውቀው ብላ ስለ እሱ ጥናታዊ ፊልም እስከ መሥራት ደርሳለች።

ሥራ የጀመረው በ1963 በኤጀንትነት ነው። ጁዲ ጋርላንድና ሮበርት ሬድፎርድ ካገለገላቸው መካከል ናቸው። ከዚያ ለንደን ሄዶ በአራት ዓመት ውስጥ ዘጠኝ ፊልም ፕሮዲውስ አደረገ። ስለዚህ ወደ ስቱዲዮ ወንበር ሲመጣ ለምሳ፣ ለመብራት፣ ለሚዘገይ ተዋናይ ገንዘብ ምን ያህል እንደሚፈስ ያውቃል። ይሄ ቀላል ነገር አይደለም። እኔ ስድስት ዓመት ስክሪፕት ስጥልና ሳነሳ አንድም ቀን ሎኬሽን ላይ ቆሜ አላውቅም ነበር።

በ1973 ወደ አሜሪካ ተመልሶ ትዌንቲዝ ሴንቸሪ ፎክስ ገባ። ምን ይሠራ የሚለውን ከሚወስኑት አንዱ ሆነ።

ያኔ ዳይሬክተሩ ጆርጅ ሉካስ ገና ሠላሳ ዓመት ያልሞላው ልጅ ነው። የመጀመሪያ ፊልሙ ከስሯል። ሁለተኛው «አሜሪካን ግራፊቲ» 800 ሺህ ዶላር በማይሞላ ወጪ ተሠርቶ አልቋል፤ ግን ሲኒማ ቤት አልደረሰም፤ ያሠራው ዩኒቨርሳልም አልወደደውም። ሉካስ በእጁ የያዘው ስለ ጠፈር የሚያወራ ጥቂት ገጽ ነው። ዩናይትድ አርቲስትስ አልፈልግም ብሎታል። ዩኒቨርሳልም አልተቀበለውም።

ላዲ «አሜሪካን ግራፊቲ»ን ሳይወጣ አየው። ወደደው። ከዚያ ሉካስን አግኝቶ ስለ ጠፈሩ አወሩ። ሉካስ የድሮ ፊልሞችን እየጠቀሰ ነበር የሚያስረዳው፤ ይሄኛው ቦታ እንደዚያ የባሕር ወንበዴ ፊልም ነው፣ ይሄኛው እንደ «ፍላሽ ጎርደን» ነው እያለ። ወረቀቱ ላይ ያለው ታሪክ ለላዲ በደንብ አልገባውም። ይህን ራሱም አልደበቀም። ልጁን ግን አመነው። ሉካስም በኋላ ላዲ ገንዘቡን ያዋለው በፊልሙ ላይ ሳይሆን በእኔ ላይ ነው ሲል መስክሮለታል።

እዚህ ጋ ላቁም። ምክንያቱም ይህን ያነበብኩ ቀን እንቅልፍ አልወሰደኝም።

ጣቢያው ውስጥ ሳለሁ አንድ ወጣት መጣ። ክላሰሩ ውስጥ 14 ገጽ ነበር። ስለ አንድ የኮንዶሚኒየም ውኃ ጠባቂ ነው። ሰውየው ታንከሩን ይሞላል፣ ቆጣሪ ያነባል። ከውኃው አጠቃቀም ብቻ በየቤቱ የሚሆነውን ሁሉ ያውቃል፤ ማን ቤት እንግዳ እንደመጣ፣ ማን እንደወለደች፣ ማን ቤቱን ጥሎ እንደጠፋ። ወረቀቱ ላይ ሲነበብ የተዝረከረከ ነበር። ገጸ ባሕርያቱ ይምታታሉ። ግን አንድ ነገር ልንገራችሁ። የዚህን ልጅ ሥራ ከዚያ በፊት አይቼ ነበር። በስልኩ የቀረጸው የስምንት ደቂቃ ፊልም ነው። አያቱ ቡና ያፈላሉ። ሦስት ሲኒ ያቀርባሉ። የሚጠጡት እሳቸው ብቻ ናቸው። በቃ፣ ይኸው ነው። ሳየው አልቅሻለሁ።

አስተያየቱን ስጽፍ ግን ያን ፊልም አላነሳሁትም። «ግጭቱ ደካማ ነው፤ መዋቅሩ ይስተካከል» ብዬ ጻፍኩ። ኮሚቴውም ጣለው። ኮሚቴው ወረቀት ነበር የሚያየው፤ እኔም ወረቀት ብቻ አቀረብኩለት። ልጁ ኮሪደሩ ላይ ቆሞ አነበበው። አራት ቦታ አጥፎ ኪሱ ከተተው። «እሺ፣ እግዜር ይስጥልኝ፤ አስቸገርኩዎት» አለኝ። እንደዚያ ነው ያለው። አስቸገርኩዎት።

ላዲ ያየው የሰውየውን ሥራ ነው። እኔም አይቼ ነበር። ልዩነታችን እሱ ያየውን አምኖ ስሙን ማስያዙ ነው።

ደግሞ «ይሁን» ብሎ አልተቀመጠም። በዚያን ጊዜ የመጨረሻው ቃል የእሱ አልነበረም፤ ከላይ ቦርድ አለ። የሉካስ የጠፈር ፊልም ወጪ ቀስ በቀስ ወደ 11 ሚሊዮን ዶላር ወጣ። በ1976 ቱኒዚያ በረሃ ላይ ቀረጻ ሲጀመር ዝናብ ወረደና የተሠራውን አፈረሰው። እንግሊዝ ሲደርሱ ደግሞ ሥራው ከቀኑ ኋላ ቀረ። ያኔ ላዲ ለሉካስ ከባዱን ነገር ነገረው። በቶሎ ካልጨረስክ ይዘጋብሃል አለው። ሉካስ ቡድኑን ከፋፍሎ በአንድ ጊዜ በተለያየ ቦታ እየቀረጸ ጨረሰ። እኔ ይሄን ክፍል ከሁሉ በላይ ነው የምወደው። ሰውን ማመን ማለት መለማመጥ ማለት አይደለም። ከቦርዱ ሲመለስ ያለውን እውነት ይነግረዋል፤ ወደ ቦርዱ ሲሄድ ደግሞ ይከላከልለታል።

ሲኒማ ቤቶቹም ፊልሙን አልፈለጉትም። ፎክስ ሌላ የሚጓጉለት ፊልም ነበረው፤ ያን ከፈለጋችሁ ይሄንንም ውሰዱ ብሎ ነው ያስገባላቸው። ግንቦት መጀመሪያ 1977 ላይ ሳን ፍራንሲስኮ ኖርዝፖይንት ሲኒማ ለተመልካች ለሙከራ ታየ። ገና ሲጀምር አዳራሹ በጭብጨባ ተናወጠ። ላዲ እንባው መጣበትና ከአዳራሹ ወጣ። በኋላ ራሱ ነው የተናገረው። ያ ድምፁ የማይሰማ ሰውዬ ውጪ ቆሞ ሲያለቅስ ይታየኛል። አራት ዓመት ሙሉ ብቻውን ተሸክሞት ነበር። ሜይ 25 ቀን «ስታር ዋርስ» በ32 ሲኒማ ቤት ብቻ ተከፈተ። ከዚያ በኋላ የሆነውን ዓለም ያውቀዋል።

እሱ ብቻ አይደለም። ሜል ብሩክስ «ያንግ ፍራንከንስታይን»ን በጥቁርና ነጭ ካልሆነ አልሠራም ብሎ ከኮሎምቢያ ስቱዲዮ ጋር ሲጣላ የተቀበለው ላዲ ነው። «ኤሊየን» ላይ የጠፈር መርከቧ ጀግና ለምን ሴት አትሆንም ያለው እሱ እንደሆነ ዳይሬክተሩ ሪድሊ ስኮት ተናግሯል። ሲገርኒ ዊቨርን ያገኘናት እንደዚያ ነው። የ1977 ፊልሞች ለኦስካር ሲወዳደሩ ለምርጥ ፊልም ከታጩት አምስቱ ሦስቱ የፎክስ ነበሩ፤ «ስታር ዋርስ»፣ «ጁሊያ» እና «ዘ ተርኒንግ ፖይንት»። የኋለኞቹ ሁለቱ ስለ ሴቶች ጓደኝነት ናቸው። ያኔ ሴትን መሪ አድርጎ ገንዘብ ማፍሰስ ሞኝነት ተደርጎ ይታይ ነበር።

ግን እዩልኝ። ከእነዚህ ፊልሞች አንዱም ላይ ስሙ የለም። የስቱዲዮ ኃላፊ ስም ፊልም ላይ አይጻፍም። ምርጥ ፊልም ተብሎ ኦስካር ሲሰጥ መድረክ ላይ የሚወጣው ፕሮዲውሰሩ ነው። ኃላፊው አዳራሹ ውስጥ ተቀምጦ ያጨበጭባል። እኔ ይሄ ያሳዝነኛል፤ እሱ ቅር ይለው እንደነበር ግን የትም አላነበብኩም።

በ1979 ከፎክስ ሊቀ መንበር ከዴኒስ ስታንፊል ጋር ሳይስማማ ቀርቶ ለቀቀ። ሁለት የቅርብ ሰዎቹን ጄይ ካንተርንና ጋረዝ ዊጋንን ይዞ «ዘ ላድ ካምፓኒ»ን አቋቋመ። ዋርነር ብራዘርስ ገንዘብና ማከፋፈያ ይሰጣል፤ ፊልሙን የሚመርጡት እነሱ ናቸው። አርማው ዛፍ ነበር።

መጀመሪያ ቀናው። «ቻሪየትስ ኦፍ ፋየር»ን አሜሪካ ውስጥ ያወጣው የእሱ ኩባንያ ነው። በ1924 ፓሪስ ኦሎምፒክ ላይ እሑድ አልሮጥም ያለውን ስኮትላንዳዊ ሯጭ የኤሪክ ሊድልን ታሪክ የያዘው ፊልም ማለት ነው። ሰንበት ነው ብሎ ቀረ፤ ኋላ በ400 ሜትር ወርቅ ወሰደ። እኛ ቤት ይሄ ፊልም ሲታይ አያቴ «አየሽ!» ያሉኝን አልረሳም። አራት ኦስካር አገኘ፤ አንዱ ምርጥ ፊልም ነው። ያኔም መድረክ ላይ የወጣው ሌላ ሰው ነበር።

ከዚያ «ብሌድ ራነር» መጣ። እንግዲህ ላዲ 25 ቁጥርን እንደ ገዱ ነበር የሚያየው። «ስታር ዋርስ» የተከፈተው ሜይ 25 ነው። «ኤሊየን»ም ሜይ 25 ነው። ስለዚህ «ብሌድ ራነር» ጁን 25 ቀን 1982 እንዲከፈት አደረገ። ከሁለት ሳምንት በፊት ግን «ኢ.ቲ.» ወጥቶ ነበር። ሰው ሁሉ ጣቷ የምታበራውን ፍጥረት ሊያይ ተሰልፏል። ዝናብና ጨለማ የሞላበትን ፊልም ማን ይይ? ወጪውን በቅጡ እንኳ አልመለሰም። ዛሬ የፊልም ትምህርት ቤት ሁሉ ያስተምረዋል። ያኔ ግን ኪሳራ ነበር፤ ኪሳራውን ደግሞ የሚሸከመው በሩ ላይ ስሙ የተጻፈው ሰው ነው።

በቀጣዩ ዓመት «ዘ ራይት ስተፍ»፤ ስለ መጀመሪያዎቹ የአሜሪካ ጠፈርተኞች። 27 ሚሊዮን ዶላር ገደማ ወጣበት፤ 21 ሚሊዮን ገደማ አስገባ። አራት ኦስካር አገኘ። ኦስካር ደግሞ ዕዳ አይከፍልም። በ1984 «ፖሊስ አካዳሚ» በጥቂት ሚሊዮን ተሠርቶ ከ80 ሚሊዮን በላይ ባያመጣ ኖሮ ነገሩ የባሰ ይሆን ነበር። እኛ ሰፈር «ፖሊስ አካዳሚ»ን ያላየ ልጅ አልነበረም፤ በአፉ የመኪናና የጥይት ድምፅ የሚያወጣውን ሰውዬ ሁላችንም እንኮርጅ ነበር።

አንድ ነገር ግን ልደብቅ አልችልም። በዚያው ዓመት የሴርጆ ሊዮኔ «ዋንስ አፖን ኤ ታይም ኢን አሜሪካ» ካን የፊልም ፌስቲቫል ላይ 229 ደቂቃ ሆኖ ታየ። ላድ ካምፓኒ አሜሪካ ውስጥ ያወጣው 139 ደቂቃውን ነው። አንድ ሰዓት ተኩል ተቆርጦ፣ በትዝታ ወደ ኋላና ወደ ፊት የሚሄደው ታሪክ በቀጥታ መስመር ተገጣጥሞ። ዳይሬክተሩ ልቡ ተሰበረ፤ ፊልሙም ወደቀ። ሰውን በማመን የታወቀ ሰው ኩባንያ ይህን ማድረጉ እስከ ዛሬ ይከነክነኛል። በተከታታይ የከሰረ ሰው እጁ እንደሚንቀጠቀጥ አሁን አውቃለሁ። ቢሆንም ስህተት ነው እላለሁ። ላዲን ስለምወደው ስህተቱን ትክክል አልለውም።

ስለ መንቀጥቀጥ ካነሳሁ የራሴን ላውራ።

እኛ ጋ ፕሮዲውሰር ሲባል ሰው የሚያስበው ብር ያለውን ሰው ነው። ነጋዴ ነው፣ ወይ ሆቴል አለው፣ ፊልም ደስ ስላለው ብር አወጣ። እኔ እንደዚያ አይደለሁም። የመጀመሪያ ፊልሜን የጀመርኩት በደረሰኝ ዕቁብና ቪትዜን ሸጬ ነው። የቀረውን ሁለት ስፖንሰር ሞላው። ቀረጻው ጣፎ ነበር። አሥራ አንደኛው ቀን ረቡዕ ዋለ። የውጪ ትዕይንት አለን፤ ሠርግ ነው፤ ድንኳኑ ተተክሏል፤ አጃቢዎቹ ለብሰዋል። አራት ሰዓት ላይ ሰማዩ ጠቆረ። ከዚያ የመጣው ዝናብ አይደለም፣ መዓት ነው። ጄኔሬተሩን በሸራ ስንሸፍን ያከራዩን ሰውዬ «እህቴ፣ ቀኑ ይቆጠራል» አሉኝ። ይቆጠራል። የካሜራውም ይቆጠራል። የድንኳኑም።

ጓዳው ውስጥ ሽሮ ይንተከተካል። 43 ሰው ነው፤ እንጀራውን በራሴ እጅ ቆጠርኩ። ዳይሬክተሩ መጣና አጠገቤ ቆመ። ልጁ ያን ጊዜ 26 ዓመቱ ነው፤ ከዚያ በፊት ረጅም ፊልም ሠርቶ አያውቅም። «ሠርጉን ቤት ውስጥ እናድርገው? ወጪ እንዳይሆንብሽ» አለኝ። ጣቢያ ብሆን ኖሮ ይሄ ሪፖርት ላይ አንድ መስመር ነበር፤ በአየር ጠባይ ምክንያት የተራዘመ። አሁን ግን እያንዳንዱ ሰዓት ከቪትዟ ላይ የሚፈታ ጎማ ነው።

«አንተ እንዴት ነው የምታየው?» አልኩት።

«ሜዳ ላይ ነው» አለ። «ሙሽራዋ ስትሸሽ ሜዳው ሰፊ መሆን አለበት።»

«እንግዲያውስ ነገ ይሁን» አልኩት። አፌ ውስጥ እንደ ድንጋይ ከበደኝ። ጣቢያው ውስጥ ስድስት ዓመት ያልኩት «ይሁን» ሁሉ ተደምሮ የዚያን አንዱን ያህል አይከብድም።

በማግስቱ ጠራ። ሜዳው በዝናቡ ታጥቦ አረንጓዴው ዓይን ይወጋ ነበር። ፊልሙ ሲመረቅ ሰው ያጨበጨበው እዚያ ቦታ ላይ ነው። ወጪዬን ሙሉ በሙሉ አልመለሰም። ዕቁቡን እስከ ባለፈው ሰኔ ስጥል ነበር።

ላዲ ከዚያ በኋላ ወደ ወንበር ተመልሷል። ኤም.ጂ.ኤም. ስቱዲዮ ገባ፣ ወጣ፣ እንደገና ገባ። ኩባንያው ባለቤት ሲለዋወጥበት እሱ ግን ፊልም መምረጡን አልተወም፤ «ሙንስትራክ»፣ «ኤ ፊሽ ኮልድ ዋንዳ»፣ «ቴልማ ኤንድ ሉዊዝ»። የመጨረሻው ሁለት ሴቶች መኪና ይዘው የሚሄዱበት ነው። ፍጻሜው ሳይለሳለስ ነው የወጣው። ላላዩት ሰዎች ብዬ አልነግራችሁም።

በ1993 ከኤም.ጂ.ኤም. ተሰናበተ። 55 ዓመቱ ነው። ብዙ ሰው እዚህ ጋ ጡረታ ይወጣል። እሱ ሲወጣ ሁለት ፕሮጀክት ይዞ እንዲሄድ ተስማምተው ነበር። አንደኛው ራንዳል ዋላስ የጻፈው የአንድ ስኮትላንዳዊ አርበኛ ታሪክ ነው። ሰባት መቶ ዓመት ያለፈው ጦርነት፣ ፈረስ፣ ቀሚስ የለበሱ ወንዶች፣ ጀግናው መጨረሻ ላይ የሚሞትበት። የገለልተኛ ፕሮዲውሰር ሀብት ብር አይደለም ማለት ይሄ ነው። እጁ ላይ ያለው ስክሪፕትና ሲደውል ስልክ የሚያነሱለት ሰዎች ናቸው ሀብቱ። ሜል ጊብሰን ሊመራውና ሊተውንበት ገባ። ለአሜሪካና ለካናዳ ፓራማውንት ብር አወጣ፤ ለቀረው ዓለም ፎክስ። ፎክስ! ያ በ1979 ትቶት የወጣው ቤት። የጦርነቱ ትዕይንት አየርላንድ ውስጥ ሲቀረጽ የአገሪቱ ተጠባባቂ ወታደሮች በብዛት ተሳተፉ። እኔ በሃምሳ ሳንቲም ያየሁት፣ አግዳሚው ላይ ያስፈነጠረኝ፣ ያ የሚሮጥ ሠራዊት እነሱ ናቸው።

ኦስካሩ የተሰጠው ማርች 25 ቀን 1996 ነው። ቀኑን ሳየው ቀጥ ብዬ ተቀመጥኩ። 25! «ብሬቭ ሃርት» ከአሥር እጩነት አምስቱን ወሰደ። ለምርጥ ፊልም ሲጠራ ከጊብሰንና ከብሩስ ዴቪ ጋር መድረክ ላይ የወጣው ላዲ ነው። በ58 ዓመቱ፣ ለመጀመሪያ ጊዜ፣ በራሱ ስም። ከፎቶው ውጪ ያደገው ልጅ ማለት ነው። ቪዲዮውን ደጋግሜ አይቼዋለሁ። ስንት ፊልም ተሸክሞ እዚያ እንደደረሰ እያሰብኩ ነው የማየው።

እኔ ደግሞ ባለፈው ወር የዚያን ወጣት ስልክ ፈልጌ አገኘሁ። ስሜን ስነግረው ትንሽ ዝም አለ። አስታወሰኝ። አሁን የራይድ ሹፌር ነው። ሳር ቤት ካፌ ውስጥ ተቀጣጠርን። ክላሰሩን ይዞ መጣ፤ ያው ክላሰር ነው፣ ጠርዙ ተበልቷል። «መዋቅሩን ለማስተካከል ሞክሬያለሁ፤ ግን እርስዎ ያሉት ገና ነው» አለኝ። ያን አስተያየት እስካሁን ይዞት ነበር ማለት ነው። ይቅርታ ጠየቅሁት። አንቺ እንዲለኝም ነገርኩት። ክላሰሩን ዘጋሁና በእኔ በኩል አስቀመጥኩት።

«ዛሬ አላነብም» አልኩት። «አንተ ንገረኝ።»

ማኪያቶውን ወደ ጎን ገፋ አደረገ። «ማታ ነው» አለ። «መብራት ጠፍቷል። ውኃ ጠባቂው በባትሪ ቆጣሪ እያነበበ ነው። አምስተኛ ፎቅ ላይ ማንም የሌለበት ቤት ውኃ ይወርዳል...» እጆቹ ደረጃውን እያሳዩኝ ይወጣሉ። አስተናጋጇ ወንበር ጠረጴዛ ላይ መገልበጥ ስትጀምር እኛ ገና ሦስተኛው ክፍል ላይ ነበርን።